የናይሮቢው ካሜራ፦ የመሐመድ አሚን ሕይወትና ሥራ

ናይሮቢ የባቡር ሐዲድ የወለዳት ከተማ ናት። ከሞምባሳ ወደብ ተነሥቶ ወደ ቪክቶሪያ ሐይቅ የተዘረጋው የእንግሊዞች ሐዲድ እ.ኤ.አ. በ1899 (ከዚህ በኋላ የሚጠቀሱት ዓመታት በተለይ ካልተገለጸ በቀር በዚሁ አቆጣጠር ናቸው) ረግረጋማ ከነበረው ሜዳ ሲደርስ ለሠራተኞች ማረፊያና ለዕቃ ማከማቻ የተተከለው ሰፈር ጥቂት ዓመታት ሳይቆይ የቅኝ ግዛቱ መቀመጫ ሆነ። ሐዲዱን ለመዘርጋት በብሪታንያ ትገዛ ከነበረችው ሕንድ ከ30,000 በላይ ሠራተኞች በውል የመጡ ሲሆን፣ አብዛኞቹ ሥራው ሲጠናቀቅ ቢመለሱም የቀሩትና በኋላ ዘመድ ዘመዱን እየጠራ የተከተሏቸው በንግድ፣ በግንበኝነትና በባቡር መሥሪያ ቤቱ ልዩ ልዩ ሥራዎች እየተሰማሩ የከተማዋ አንድ አካል ሆኑ። የቅኝ ገዢው አስተዳደር ከተማዋን በዘር ከፋፍሎ ስለነበር ነጮቹ በምዕራብና በሰሜን ያሉትን ደጋማ ሰፈሮች ሲይዙ፣ እስያውያኑ እንደ ኢስትሊና ፓርክላንድስ ባሉ ሰፈሮች ሲኖሩ፣ አፍሪካውያኑ ደግሞ ጠባብ ወደሆነው የምሥራቁ ክፍል ተገፉ። ከፓርክላንድስ ጎን ያለችውና በኋላ የዚህ ታሪክ ማረፊያ የምትሆነው ዌስትላንድስ በዚያ ዘመን የመኖሪያ ዳርቻ ነበረች፤ የዛሬዎቹ ረጃጅም ሕንፃዎች፣ ሆቴሎችና የገበያ ማዕከላት የመጡት ከነፃነት በኋላ ነው።

መሐመድ አሚን ነሐሴ 29 ቀን 1943 በኢስትሊ ተወለደ። ይህች ሰፈር በኋላ ዘመን የሶማሌና የኢትዮጵያ ስደተኞች መናኸሪያ በመሆን በአገራችን ሰዎች ዘንድ ስሟ የታወቀ ስትሆን፣ በዚያን ጊዜ ግን ይበልጡን የእስያውያን መኖሪያ ነበረች። አባቱ ከፑንጃብ የመጡ የባቡር ሠራተኛ ሲሆኑ፣ ሥራቸው ወደ ታንጋኒካ ስላዛወራቸው ልጁ ያደገው በዳሬሰላም ነው። ቤተሰቡ ሀብታም አልነበረም። መሐመድም በተማሪነቱ ሌላ ሰው የተገለገለበትን ቦክስ ብራውኒ የተባለ ርካሽ የፎቶግራፍ ካሜራ ገዝቶ፣ ፊልም ማጠብና ማተም ተምሮ፣ ገና ትምህርት ቤት ሳለ የምሥራቅ አፍሪካ ሳፋሪ የተባለውን የመኪና ውድድር ፎቶግራፎች ለጋዜጦች መሸጥ ጀመረ። ዕድሜው ሃያ ሲሞላ፣ በ1963፣ ካሜራፒክስ የተባለውን ድርጅት በዳሬሰላም መሠረተ።

የድርጅቱ አመሠራረት ከስሙ በላይ ትኩረት የሚገባው ነው። በዚያ ዘመን ስለ አፍሪካ የሚሠራጨውን ዜና የሚያዘጋጁት ከለንደን፣ ከፓሪስና ከኒውዮርክ የሚላኩ ሰዎች ሲሆኑ፣ የአገሬው ሰው ድርሻ አብዛኛውን ጊዜ መኪና መንዳት፣ ማስተርጎምና ዕቃ መሸከም ነበር። አሚን ግን ለአንድ ጋዜጣ ከመቀጠር ይልቅ በራሱ ስም እየሠራ ምስሉን ለብዙ ደንበኞች የሚሸጥበትን መንገድ መረጠ፤ ይህም በጋዜጠኞች ቋንቋ ፍሪላንስ፣ ማለትም ለቋሚ አሠሪ ያልታሰረ ባለሙያ የሚባለው አሠራር ነው። ፎቶግራፍ ማንሻውንና የፊልም ካሜራውን አንድ ላይ ተሸክሞ በአንድ ጉዞ ሁለቱንም የመሥራት ልማዱ የመነጨው ከዚሁ ነው። የሚከፍለው ጋዜጣ ባይገኝ ቴሌቪዥን ጣቢያ ይገኛል፤ ሁለቱም ባይገኙ ምስሉ በመደርደሪያው ላይ ይቆያል። በዚህ መንገድ የተጠራቀመው ክምችት ከጊዜ በኋላ የሕይወቱ ትልቁ ሀብት ሆነ።

ጥር 12 ቀን 1964 በዛንዚባር የሱልጣኑን መንግሥት የገለበጠው አብዮት ሲነሣ አሚን በባሕሩ ማዶ በዳሬሰላም ስለነበር ወደ ደሴቲቱ ቀድመው ከገቡት ጋዜጠኞች አንዱ ለመሆን ቻለ። በቀጣዮቹ ሁለት ዓመታት እየተመላለሰ ሲሠራ የሶቪየትና የምሥራቅ ጀርመን ባለሙያዎች በደሴቲቱ ወታደሮችን ሲያሠለጥኑ ቀረጸ። ባለሥልጣናቱ ግን እንዲታይ አልፈለጉም ነበርና በ1966 ተይዞ ለአራት ሳምንት ያህል ከታሰረና ከተሰቃየ በኋላ ወደ ተወለደባት ኬንያ ተባረረ። ያደገበትን አገርና የመጀመሪያ ቢሮውን ያሳጣው ይህ እስራት ወደ ናይሮቢ መልሶ፣ ናይሮቢን ደግሞ የምሥራቅ አፍሪካ የምስል ዜና መነሻ ለማድረግ ምክንያት ሆነው።

በናይሮቢ ከቪስኒውስ ጋር የነበረው ትስስር እየጠነከረ ሄደ። ቪስኒውስ ቢቢሲና ሮይተርስ ከባለቤቶቹ መካከል የነበሩበት፣ መቀመጫው ለንደን የሆነ የምስል ዜና አገልግሎት ነበር፤ የራሱ ሥርጭት ሳይኖረው ከየአገሩ የሚሰበስበውን ፊልም በዓለም ዙሪያ ላሉ ቴሌቪዥን ጣቢያዎች ያከፋፍል ነበር። በዚያ ጊዜ የሳተላይት መስመር ውድና ብርቅ ስለነበር የተቀረጸው ፊልም በከረጢት ታሽጎ በመንገደኛ አውሮፕላን ይላክ ነበር፤ ስለዚህም የካሜራ ባለሙያው ብቃት የሚለካው በዓይኑ ብቻ ሳይሆን የበረራ ሰዓቶችን፣ የጉምሩክ ሹማምንትንና የአየር መንገድ ሠራተኞችን በማወቁ ጭምር ነበር። አሚን በዚህ ረገድ ተወዳዳሪ እንዳልነበረው የሥራ ባልደረቦቹ ይስማማሉ። እነርሱ በአጭሩ ሞ እያሉ የሚጠሩት ይህ ሰው ፈጣን፣ እልኸኛና ለራሱም ለሌላውም ዕረፍት የማይሰጥ ነበር።

ሐምሌ 5 ቀን 1969 የኬንያ የኢኮኖሚ ፕላንና ልማት ሚኒስትር የነበረው ቶም ምቦያ በናይሮቢ መሐል፣ ዛሬ ሞይ አቬኑ በሚባለው ጎዳና፣ ከአንድ መድኃኒት ቤት ሲወጣ በጥይት ተመታ። አሚን በደቂቃዎች ውስጥ ደርሶ ሊሞት የሚያጣጥረውን ሰውና በአምቡላንሱ ውስጥ የተደረገውን ተስፋ የቆረጠ ጥረት ቀረጸ። ምቦያ የሉኦ ብሔር ተወላጅ በመሆኑ ግድያው አገሪቱን በብሔር የከፈለ ቁጣ አስነሣ፤ ፊልሙ ደግሞ አሚንን በዚያው ዓመት የብሪታንያ የቴሌቪዥን ካሜራ ባለሙያዎች ሽልማት አሸናፊ አደረገው። የአቀራረጹን መንገድ ለተመለከተ ሰው የኋላውን ሥራውን ምንነት የሚገልጸው ጠባይ እዚህ ላይ ጎልቶ ይታያል፦ ካሜራው ይቀርባል፣ አይርቅም፤ የሰውን ፊት ይፈልጋል።

የ1970ዎቹ ዓመታት በመፈንቅለ መንግሥትና በጦርነት የተሞሉ ሲሆኑ፣ አሚን በአብዛኞቹ ቦታዎች ተገኝቷል። በጥር 1971 ሥልጣን የያዘው የዑጋንዳው ኢዲ አሚን ካሜራ ይወድ ስለነበር ለመሐመድ አሚን በተደጋጋሚ በሩን ከፍቶለታል። በነሐሴ 1972 ግን ይኸው መሪ የዑጋንዳን እስያውያን በ90 ቀናት ውስጥ አገሩን ለቀው እንዲወጡ ሲያዝ፣ ካሜራውን ደግኖ ሻንጣቸውን ተሸክመው የሚሰለፉትን ቤተሰቦች የሚቀርጸው ሰው ራሱ የእነርሱ ዘር ነበር። ይህ ቀላል ነገር አይደለም። መሐመድ አሚን በእስያውያን ዘንድ የጥቁሮችን አገር የመረጠ፣ በአንዳንድ አፍሪካውያን ዘንድ ደግሞ እንግዳ ተደርጎ ሊታይ በሚችልበት ዘመን ራሱን ሁልጊዜ አፍሪካዊ ብሎ የጠራ ሰው ነው። በእነዚሁ ዓመታት የሙስሊሞችን የሐጅ ጉዞ የሚያሳይ ፊልምና መጽሐፍ አዘጋጅቷል፤ እንዲሁም ከጸሐፊው ብሪያን ቴትሊና ከፎቶግራፍ ባለሙያው ደንከን ዊሌትስ ጋር በመሆን ስለ ኬንያ፣ ስለ ፓኪስታንና ስለ ሌሎች አገሮች የሥዕል መጻሕፍት አሳትሟል። በ1981 የታተመውና በቱርካና ሐይቅ ዙሪያ ባደረገው ጉዞ ላይ የተመሠረተው መጽሐፍ ከእነዚህ መካከል ጎልቶ የሚታወቀው ነው።

ስሙን በዓለም ያስጠራው ሥራ የተፈጸመው ግን በኢትዮጵያ ምድር ነው። የነገሩን ክብደት ለመረዳት ወደ ኋላ አሥር ዓመት መመለስ ያስፈልጋል። በ1966 ዓ.ም. የወሎ ሕዝብ በረኃብ ሲያልቅ የንጉሠ ነገሥቱ መንግሥት ሸሽጎት ሳለ እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ ያዘጋጀው ፊልም በጥቅምት 1973 በብሪታንያ ቴሌቪዥን ታየ፤ ደርግም ይህንኑ ፊልም ከቤተ መንግሥት ድግስ ጋር አቀናብሮ ዐፄ ኃይለ ሥላሴ ከዙፋን በወረዱበት ዋዜማ ለሕዝብ አሳየ። የምስልን ኃይል በዚህ መልክ የተጠቀመበት መንግሥት አሥር ዓመት ቆይቶ የራሱን ረኃብ መሸፈን መፈለጉ የዘመኑ ትልቅ ኃጢአት ነው። የዕርዳታ ማስተባበሪያና ማቋቋሚያ ኮሚሽን በመጋቢት 1984 ከ5 ሚሊዮን በላይ ሕዝብ ለአደጋ መጋለጡን ለለጋሾች ቢያስታውቅም፣ ለጋሾቹ በመጠራጠር፣ መንግሥት ደግሞ በመስከረም ለሚከበረው የአብዮቱ አሥረኛ ዓመትና ለኢትዮጵያ ሠራተኞች ፓርቲ (ኢሠፓ) ምሥረታ በመዘጋጀት ጊዜው አለፈ። በሰሜኑ የሚካሄደው ጦርነት መንገድ ዘግቶ፣ ገበያ አፍርሶ፣ ድርቁ ያመጣውን ችግር ወደ እልቂት ለወጠው። በዓሉ እስኪያልፍ ድረስም የውጭ ጋዜጠኞች ወደ ሰሜን መጓዝ አይፈቀድላቸውም ነበር።

አሚን ይህን በር ለማስከፈት የቻለው በአንድ ቀን ዕድል አይደለም። ለዓመታት ወደ አዲስ አበባ ሲመላለስ ከኮሚሽኑና ከማስታወቂያ ሚኒስቴር ሰዎች ጋር ትውውቅ መሥርቶ ስለነበር፣ በዓሉ እንዳለፈ በጥቅምት 1984 ለራሱ፣ መቀመጫውን ጆሃንስበርግ ላደረገው የቢቢሲ ቴሌቪዥን ዘጋቢ ማይክል በርክ እና ለቢቢሲ ሬዲዮ ዘጋቢው ማይክ ዉልድሪጅ የጉዞ ፈቃድ ለማግኘት ቻለ። የኮሚሽኑ ኃላፊ የነበሩት ሻለቃ ዳዊት ወልደ ጊዮርጊስና ባልደረቦቻቸው ዓለም እንዲያይ የሚፈልጉ፣ ከበላይ ያሉት ግን እንዲታይ የማይፈልጉ በመሆናቸው፣ ፈቃዱ የወጣው በዚሁ በመንግሥት ውስጥ በነበረው ስንጥቅ በኩል ነው ማለት ይቻላል።

በሰሜን ወደምትገኘው ኮረም ሲደርሱ ያዩት በዚያን ጊዜ ወደ 40,000 የሚጠጋ ሕዝብ የሰፈረበትን ሜዳ ነው። ሕዝቡ ከቀዬው ተነቅሎ የመጣው እህል አለ የሚል ወሬ ሰምቶ ሲሆን፣ የደጋው ብርድ በሌሊት ይጨርሰው ስለነበር ንጋት ላይ በነጠላና በጆንያ የተጠቀለለው ሬሳ በረድፍ ይደረደር ነበር። አሚን የማለዳውን ጭጋግ፣ ጭሱን፣ ከጭሱ ውስጥ ብቅ የሚሉትን ፊቶች በዝግታ በሚሄድ ካሜራ ቀረጸ። በመቀሌ ደግሞ ክሌር በርትሺንገር የተባለችው የቀይ መስቀል ነርስ ምግቡ ለሁሉም የማይበቃ በመሆኑ ሊተርፉ የሚችሉትን ሕፃናት ከብዙዎቹ መካከል ለመምረጥ የተገደደችበትን ሁኔታ አሳየ። የነርሷ ምርጫ በዚያ ፊልም ውስጥ ከሁሉም የሚከብደው ክፍል ነው፤ የምግብ እጥረት የሚለው ሐረግ በተግባር ምን ማለት እንደሆነ ያለ ሐተታ የሚገልጠው እርሱ ነውና።

ካሴቶቹ በናይሮቢ በኩል ለንደን ደርሰው ጥቅምት 23 ቀን 1984 (ጥቅምት 13 ቀን 1977 ዓ.ም.) በቢቢሲ ዜና ታዩ። የአሜሪካው ኤንቢሲም በዚያው ቀን አሳያቸው፤ በቪስኒውስ መረብ በኩልም ወደ ሌሎች ጣቢያዎች ተሠራጩ። ዘወትር እንደሚጠቀሰው ዘገባው በ425 ጣቢያዎች ታይቶ ወደ 470 ሚሊዮን ለሚሆን ተመልካች ደርሷል። ስለ ረኃቡ የተሠራ የመጀመሪያው ፊልም አልነበረም፤ በዚያው ዓመት ሐምሌ በሌላ የብሪታንያ ጣቢያ የታየ ፊልም ሰሜኑን አሳይቶ ነበር። የአሚንን ሥራ የለየው ዕለታዊ ዜና በመሆኑ፣ ርዝመቱ ከዜና ልማድ ውጪ በመሆኑና የዜና አገልግሎቱ ዘዴ በአንድ ጊዜ በመላው ዓለም እንዲታይ በማስቻሉ ነው። በሃያ ዓመት ውስጥ ያበጀው ግንኙነትና አሠራር ሁሉ በዚያ ሳምንት ፍሬ ሰጠ።

ከዚያ የተከተለው በሰፊው ይታወቃል። አየርላንዳዊው ዘፋኝ ቦብ ጌልዶፍ ዘገባውን አይቶ ባንድ ኤይድ የተባለውን የሙዚቀኞች ስብስብ አቋቋመ፤ በጥር 1985 የአሜሪካ ዘፋኞች በሃሪ ቤላፎንቴ አነሳሽነት የራሳቸውን ዘፈን ቀረጹ፤ ሐምሌ 13 ቀን 1985 ደግሞ በለንደንና በፊላደልፊያ ላይቭ ኤይድ የተባለው ታላቅ ኮንሰርት ተካሄደ። የብሪታንያና የሌሎች አገሮች አየር ኃይሎች እህል ማመላለስ ጀመሩ። አሚን ራሱም ወደ ሰሜን ደጋግሞ ተመልሶ «የአፍሪካ ቀራንዮ» የሚል ትርጉም ያለው ርእስ የተሰጠውን ዘጋቢ ፊልም ሠራ፤ ዘጋቢ ፊልም ሲባል እንደ ዜና የዕለቱን ድርጊት ከማስታወቅ አልፎ ነገሩን ከመነሻው እስከ መድረሻው የሚያስረዳ፣ በእውነተኛ ሰዎችና ቦታዎች ላይ የተመሠረተ ፊልም ማለት ነው።

ስለዚህ ሥራ የሚነሣው ክርክር እስከ ዛሬ አልተዘጋም፤ መዘጋትም የለበትም። በሰባ ሰባቱ (1977 ዓ.ም.) ድርቅ ያለቀው ሕዝብ ብዛት ከ400,000 እስከ አንድ ሚሊዮን እንደሚደርስ የሚገምቱ ጥናቶች ሲኖሩ፣ ዕርዳታው ባይመጣ ቁጥሩ ከዚህም እንደሚብስ አያጠራጥርም። በሌላ በኩል በዕርዳታው ጥላ ሥር መንግሥት ከ500,000 በላይ ሕዝብ ከሰሜን አንሥቶ፣ ብዙውን በግዴታ፣ በደቡብና በምዕራብ አስፍሯል፤ ዘገባውም ረኃቡን ይበልጡን የሰማይ ቁጣ አስመስሎ ጦርነቱንና ፖለቲካውን ዳር አድርጓል። የኢትዮጵያ ስም ለአንድ ትውልድ ከረኃብ ጋር መጣበቁም ከዚሁ ምስል የመነጨ ነው። ይሁን እንጂ የዚህ ሁሉ ተጠያቂነት በካሜራው ባለሙያ ላይ ሊጫን አይገባም። ምስሎቹን በትኩረት ለሚያይ ሰው በኮረም የተቀረጹት ሰዎች ራሳቸውን የጣሉ አይደሉም፤ ሬሳ በሥርዓት ይገንዛሉ፣ ይጸልያሉ፣ ልጆቻቸውን አቅፈው ተራ ይጠብቃሉ፤ ያሳነሳቸው ምስሉን ያለ ስማቸውና ያለ ታሪካቸው ደጋግሞ የተጠቀመበት የዕርዳታ ማስታወቂያ ነው።

ሰባት ዓመት ቆይቶ የደርግ ፍጻሜ አሚንን እንደገና ወደ አዲስ አበባ አመጣው። ኮሎኔል መንግሥቱ ኃይለ ማርያም ግንቦት 13 ቀን 1983 ዓ.ም. አገር ጥለው ሲወጡ፣ ግንቦት 20 ቀን የኢሕአዴግ ሠራዊት ከተማይቱን ሲይዝ ካሜራው እዚያው ነበር። ግንቦት 27 (ሰኔ 4 ቀን 1991) ጎሕ ሳይቀድ በከተማይቱ ደቡባዊ ክፍል የነበረ ትልቅ የጥይት መጋዘን ተቃጠለ። አሚንና ባልደረቦቹ ቃጠሎውን ለመቅረጽ ቀርበው ሳሉ ሁለተኛ ከባድ ፍንዳታ ደርሶ ድምፅ ቀራጩን ኬንያዊውን ጆን ማታይን ገደለው፤ የአሚንን ግራ እጅ ደግሞ ቆረጠው። በአካባቢው ይኖሩ ከነበሩት የአዲስ አበባ ነዋሪዎችም ብዙዎች አለቁ። አሚን በአሜሪካ በኤሌክትሮኒክስ የሚንቀሳቀስ ሰው ሠራሽ እጅ ተገጥሞለት፣ ካሜራውም ለአንድ እጅ እንዲመች ተስተካክሎለት ከጥቂት ወራት በኋላ ወደ ሥራው ተመለሰ፤ የማታይ ሞት ግን ሊመለስ የማይችል ዕዳ ሆኖ ቀረ።

በቀሩት አምስት ዓመታት አሚን ከካሜራ ጀርባ ይልቅ በአዘጋጅነትና በአሳታሚነት የበለጠ ሠራ። ቪስኒውስ በሮይተርስ ተጠቅልሎ የሮይተርስ ቴሌቪዥን ሲሆን የናይሮቢውን ቢሮ እየመራ፣ አፍሪካውያን ዘጋቢዎች የየአገራቸውን ጉዳይ የሚያቀርቡበትን «አፍሪካ ጆርናል» የተባለ መርሐ ግብር ለብዙ የአህጉሪቱ ጣቢያዎች አሠራጨ። ካሜራፒክስ የኢትዮጵያ አየር መንገድን «ሰላምታ» መጽሔት ያዘጋጅ ስለነበርና በ1995 ስለ ኢትዮጵያ የመንገደኞች መመሪያ መጽሐፍ ስላሳተመ፣ በረኃብ ምስል የታወቀው ሰው በመጨረሻ ዘመኑ የላሊበላን፣ የጎንደርንና የአክሱምን ፎቶግራፍ ለዓለም የሚያቀርብ ሆነ። ይህ የሥራው ክፍል እምብዛም አይነገርለትም።

ኅዳር 14 ቀን 1989 ዓ.ም. (ኅዳር 23 ቀን 1996) አሚን ለረጅም ጊዜ አብሮት ከሠራው ከብሪያን ቴትሊ ጋር ከአዲስ አበባ ወደ ናይሮቢ ለመመለስ በኢትዮጵያ አየር መንገድ በረራ 961 ተሳፈረ። ቦይንግ 767 አውሮፕላኑ ከተነሣ ብዙም ሳይቆይ ሦስት ጠላፊዎች ወደ አብራሪዎቹ ክፍል ገብተው ወደ አውስትራሊያ እንዲበር አዘዙ። ካፒቴን ልዑል አባተ ነዳጁ ለዚህ እንደማይበቃ ደጋግመው ቢያስረዱም ስላላመኗቸው፣ አውሮፕላኑ ነዳጁን ጨርሶ፣ ሁለቱም ሞተሮቹ ጠፍተው፣ በኮሞሮስ ደሴቶች በግራንድ ኮሞር ዳርቻ ባሕር ላይ ለማረፍ ተገደደ። ከተሳፈሩት 175 ሰዎች 125ቱ ጠላፊዎቹን ጨምሮ ሞቱ። ከሞቱት መካከል የነፍስ አድን ሰደሪያቸውን ከመውጣታቸው በፊት ነፍተው በሚሞላው ውኃ ከአውሮፕላኑ ጣሪያ ጋር የተጣበቁም ነበሩ። ከአደጋው የተረፉ መንገደኞች እንደመሰከሩት አሚን እስከ መጨረሻው ከጠላፊዎቹ ጋር ይከራከር ነበር። አውሮፕላኑ ባሕሩን ሲመታ የሚያሳየው ፊልም በባሕር ዳርቻው ሆቴል ያረፈ ጎብኚ የቀረጸው ሲሆን፣ እርሱም በዓለም ዙሪያ ታየ። አሚንና ቴትሊ አብረው አረፉ፤ አሚን የ53 ዓመት ሰው ነበር።

ድርጅቱን የወረሰው በ1970 የተወለደው ልጁ ሳሊም አሚን ነው። በስሙ የተቋቋመው ፋውንዴሽን ወጣት አፍሪካውያንን በቴሌቪዥን ጋዜጠኝነት ሲያሠለጥን፣ ሳሊም በ2006 ስለ አባቱ ሥራና ስለ ሁለቱ አስቸጋሪ ግንኙነት የሚተርክ ዘጋቢ ፊልም አቀረበ፤ ፊልሙ የአባትየውን ድፍረት ሲያወድስ ቤተሰቡ የከፈለውንም ዋጋ አይሸሽግም፤ ለዓመታት ከቤት ርቆ የኖረውን አባት ልጁ በአብዛኛው በሥራው በኩል ብቻ እንዳወቀው በግልጽ ይናገራል። ካሜራፒክስም ቢሮውን በዌስትላንድስ፣ በዋያኪ መንገድ ላይ በሚገኘው ኤቢሲ ፕሌስ ውስጥ አደረገ። በዚህ ድርጅት እጅ ያለው ክምችት ከ3 ሚሊዮን በላይ ፎቶግራፎችንና በሺህ በሚቆጠሩ ሰዓታት የሚለካ ፊልም የያዘ ሲሆን፣ የዛንዚባር አብዮት፣ የምቦያ መጨረሻ፣ የዑጋንዳ እስያውያን ስደት፣ የኮረም ንጋትና የአዲስ አበባ ግንቦት ሁሉ በእርሱ ውስጥ ይገኛሉ። አሚን ምስሉን ሸጦ ባለቤትነቱን ሳይለቅ ስለኖረ ይህ ሀብት ወደ ለንደን አልሄደም። ቅጂዎቹን በዲጂታል መልክ የማስቀመጥና ለሕዝብ የማሳየት ሥራም ተጀምሯል። የሰባ ሰባቱን ድርቅና የደርግን ውድቀት ለሚመረምር ኢትዮጵያዊ የታሪክ ባለሙያ እነዚህ ፊልሞች፣ በተለይም ለዜና ተቆርጠው ያልታዩት ረጃጅም ቅጂዎች፣ ከጽሑፍ ሰነድ የማይተናነሱ ምንጮች ናቸው፤ በኮረም ሜዳ ላይ የተቀረጹትን ሰዎች ስም፣ ቀበሌና ዕጣ ፈንታ በሕይወት ካሉት ምስክሮች ጋር አመሳክሮ የመመዝገቡ ሥራ ደግሞ ምስክሮቹ ሳያልፉ በአስቸኳይ ሊያዝ የሚገባው ነው።